ባለ ስድስት ቋጠሮው ገመድ

ልጅ ሳለሁ፣ ሰው ሲያድግ መንገድ ይጠብበዋል ብዬ አምን ነበር። እምነቴ ከሜዳ የመጣ አልነበረም፤ ማስረጃ ነበረኝ። በስድስት ዓመቴ ከእኛ አጥር ተነስቼ ከፊት ለፊት ጎረቤታችን አጥር እስክደርስ አሥራ ሦስት እርምጃ እቆጥር ነበር። በአሥራ ሁለት ዓመቴ ሁለት በቃኝ። እግሬ ረዘመ ብዬ ደስ አለኝ። እውነትም ረዝሞ ነበር። ግን ብቻውን አልደከመም፤ አጥሮቹም ከወዲህና ከወዲያ እየመጡ ያግዙት ነበር።

አባቴ አናጢ ነበር፤ ያውም ሐቀኛ አናጢ። ለሰው የሠራው ጠረጴዛ አንድ እግሩ በወረቀት ውፍረት ቢያጥር እህል አይወርድለትም። ይህ ሰው በየዓመቱ ዝናቡ ሲያባራ የማይቀርበት አንድ ሥራ ነበረው፤ አጥር ማደስ። በእድሳት ላይ ደግሞ የማይነቃነቅ ሕግ ነበረው፤ አዲሱ አጥር ሳይቆም አሮጌው አይነሳም።

«ቤት ለአንድ ቀንም ቢሆን ራቁቱን አይውልም» ይላል።

አሮጌው ባለበት ቦታ አዲሱ ሊቆም አይችልም። ስለዚህ አዲሱ የግድ ከአሮጌው ወዲያ፣ መንገዱ ላይ ይቆማል። ከአሮጌው ወዲህ፣ ግቢያችን ውስጥም ሊቆም ይችል እንደነበር ያሰበ ሰው ከቤታችን አልነበረም። እናቴ ብቻ በር ላይ እጇን አጣምራ ታየዋለች።

«ይሄ አጥር ዘንድሮም ፀሐይ ሊሞቅ ወጣ?»

«እድሳት ነው» ይላታል፣ ሚስማሩን በከንፈሩ ይዞ።

«እኔንም እንዲህ አድሰኸኝ ቢሆን ይሄኔ ገበያ ደርሻለሁ።»

የፊት ለፊቱ ጎረቤታችን የመሥሪያ ቤት ጸሐፊ ሆኖ አርጅቶ ጡረታ የወጣ ሰው ነበር። መንደሩ «ጡረተኛው» ይለዋል። እሱ መዶሻ ይዞ አያውቅም። የእሱ ዘዴ አበባ ነበር። በመጀመሪያ ከአጥሩ ውጭ አበባ የተተከለባቸው ጣሳዎች ይደረድራል። ጣሳዎቹን መንገደኛ እንዳይረግጣቸው በድንጋይ ይከባቸዋል። ድንጋዩ እንዳይበተን ሲሚንቶ ያፈስበታል። ከዚያ አበባው በፍየል እንዳይበላ ሲል አጥሩን ከአበባው ወዲያ ያሻግረዋል። በዓመቱ ከአዲሱ አጥር ውጭ አዲስ ጣሳ ይታያል። አበባ የሚጠላ ሰው የለምና ማንም ምንም አላለውም። አባቴ በመዶሻ፣ እሱ በውሃ ማጠጫ፣ አንድ መንገድ ከሁለት ወገን ይበሉ ነበር።

በመሃከላቸው አክስቴ ነበረች። የአባቴ ታናሽ እህት ናት፤ ልብስ ሰፊ። ስድስት ዓመት በሞላኝ ዓመት ነው አባቴ ከቤታችን ግድግዳና ከአጥሩ መሃከል ክፍል የሠራላት። የክፍሉ አንደኛው ግድግዳ ራሱ አጥሩ ነበር። መጀመሪያ አልጋ ብቻ ገባ። በሁለተኛው እድሳት የስፌት መኪናው ገባ። በአራተኛው ላይ ጨርቅ መቁረጫ ጠረጴዛ ገባ። እኔ ከእሷ ጋር ነበር የምተኛው፤ ክፍሉ እንደኔ እያደገ ይመስለኝ ነበር። ጠዋት ጠዋት የመኪናው መርገጫ ሲንኳኳ፣ የአዲስ ጨርቅ ሽታ ካፍንጫዬ ሲገባ እነቃለሁ። ከዚያ ክፍል የተሻለ ቦታ በዓለም ላይ አለ ብሎ የሚነግረኝ ቢመጣ አላምነውም ነበር።

ገመዱን የሰጠችኝም እሷ ናት። ያን ጊዜ የመንደሩ ሴቶች ልጆች ሁሉ ጨዋታ ገመድ መዝለል ነበር። ገመዱ ከአጥር እስከ አጥር ይወጠራል፤ መጀመሪያ በቁርጭምጭሚት፣ ከዚያ በጉልበት፣ ከዚያ በወገብ ከፍታ። ነክቶ ያለፈ ይወጣል። አክስቴ የማይለጠጥ ጠንካራ የሸራ ገመድ አመጣች። አንዱን ጫፍ ከእኛ አጥር፣ ሌላውን ከጡረተኛው አጥር አድርሳ ወጥራ ለካችው፤ ትርፉን ቆረጠችና ሁለቱን ጫፎች በሚስማር ላይ እንዲገቡ ቀለበት አድርጋ ሰፋቻቸው። እንደ ክራር ጅማት ተወጠረ።

በዓመቱ ገመዱ ረገበ። ሆዱ መሬት ነካ።

«ምን ሆኖ ነው?» አልኳት።

አክስቴ መንገዱን ወዲያና ወዲህ አየችው። ከዚያ እኔን አየችኝ።

«አድገሽ ነው» አለችኝ። «ሰው ሲያድግ መንገድ ይጠብበዋል።»

ትርፉን አጥፋ፣ ቋጠረችና በቀይ ክር ሰፋችው። ቋጠሮው እንዳይፈታ ነው አለች። በሚቀጥለው ዓመት ሌላ ቋጠሮ፣ በቢጫ ክር። በሚቀጥለው በአረንጓዴ። ጓደኞቼን ሰብስቤ ቋጠሮዎቹን እያስቆጠርኩ እኮራባቸው ነበር። «ይሄ የሰባት ዓመቴ፣ ይሄ የስምንት፣ ይሄ የዘጠኝ» እላለሁ። ዛሬ ሳስበው የእድሜዬ መዝገብ አልነበረም። የአጥሩ ነበር።

አባቴ ያንን ገመድ ይወደው ነበር። ጨዋታ ባየ ቁጥር ከሥራው ቀና ብሎ፣ «ዝለሉ ልጆቼ! ተጫወቱ!» ይለን ነበር። ልጅ የሚወድ አባት ስላለኝ እድለኛ ነኝ እል ነበር። ገመድ የተወጠረበት መንገድ ላይ መኪና እንደማይገባ፣ መኪና የማይገባበት መንገድ ደግሞ ቀስ በቀስ ግቢ እንደሚሆን ያኔ አልገባኝም።

በስድስተኛው ቋጠሮ ዓመት ሁለት ነገር ሆነ።

አንደኛው፣ አባቴ ለአንድ ሙሽራ ባለ ሦስት በር ቁም ሣጥን ሠራ። በሕይወቱ የሠራው ትልቁ ሥራ ነበር። ሲጨርስ ቁም ሣጥኑ ከበራችን ወጥቶ ወደ መንገዱ ሊታጠፍ አቃተው። በጎን ሞከሩት፣ በጀርባው አስተኙት፣ አቆሙት። ስድስት ጎረምሳ ከግማሽ ቀን በላይ ታገለው። ጡረተኛው አበባውን እያጠጣ፣ «አቶ አናጢ፣ ለሙሽራው ቁልፉን ብቻ ስጠው፤ እየመጣ ይለብሳል» አለ። ቁም ሣጥኑ ግቢያችን ውስጥ ላስቲክ ለብሶ ቀረ። እኛም የድብብቆሽ ቤት አደረግነው።

ሁለተኛው፣ የጡረተኛው ሚስት ታመመች። የሕመምተኛ መኪናው መንገዱ አፍ ላይ ደርሶ ቆመ። ሾፌሩ ወርዶ መንገዱን አየ፤ መኪናውን አየ፤ ራሱን ነቀነቀ። አባቴ ሮጦ አዲስ የሠራውን በር አመጣ፣ ሴትዮዋን በር ላይ አስተኝተው በጎናቸው እየተራመዱ አወጧት። በሽልማት እንደተሰጣት ሁሉ በሩን ይዛ ሐኪም ቤት ገባች። ዳነች። ባሏ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ የማይድን ሰው ሆነ። በሳምንቱ «የሕዝብ መንገድ ስለተነጠቀብን» ብሎ አባቴን ከሰሰው። አባቴም በሳምንቱ «የሕዝብ መንገድ በአበባ ስለተዘጋብን» ብሎ ከሰሰው። ሁለቱም ስለ ሕዝቡ ያለቅሱ ነበር። ሕዝቡ በጎኑ ያልፍ ነበር።

ክርክሩ ይቋጫል ተብሎ የታሰበው በማዘጋጃ ቤቱ ካርታ ነበር። መሬት የሚለካው ባለሜትር ካርታውን ተሸክሞ መጣ። ቢዘረጋ፣ የእኛ መንገድ ወረቀቱ የሚታጠፍበት መስመር ላይ ወድቋል። ስንት ዓመት ሲታጠፍና ሲዘረጋ ቀለሙ ተፍቆ፣ ከመንገዱ የቀረው መሃከል ለመሃከል የተሳለው የጎርፍ መውረጃ ብቻ ነበር።

«ስፋቱ ስንት ነበር ታዲያ?» አለ ጡረተኛው።

«ካርታው ይህን አይናገርም» አለ ባለሜትሩ።

«ድሮም እንዲህ ነበር!» አለ አባቴ። «ስወለድም እንዲህ ነበር!»

«ስትወለድ እዚህ አልነበርክም» አለች እናቴ ከውስጥ።

ነገሩ ስለ አክስቴ ክፍል መሆኑን የሰማሁት አንድ ቀን ቁም ሣጥኑ ውስጥ ተደብቄ ነው። አባቴና አክስቴ ከውጭ ቆመው ያወራሉ።

«ጋሼ፣ ሰፊው መንገድ ላይ ቦታ አግኝቻለሁ አልኩህ እኮ። መስኮቱ ትልቅ ነው። ሰው ያየኛል።»

«እዚህ አያይሽም?»

«እዚህ የሚያልፈው ሰው ሆዱን ስቦ ነው የሚያልፈው። በምን ዓይኑ ይየኝ?»

«ስሚኝ እስቲ። ባዶ ክፍል ባንድ ጠዋት ይፈርሳል። ሴት የምትኖርበትን ክፍል ግን ማን ደፋር ያፈርሳል? እኔ የቆምኩት አንቺ ስላለሽ ነው።»

«እስከ መቼ ነው የምኖረው?»

«ፍርዱ እስኪሰጥ።»

«ፍርዱስ መቼ ነው?»

«እሱ የዳኛ ጉዳይ ነው።»

አክስቴ ረጅም ትንፋሽ ተነፈሰች። እኔ ቁም ሣጥኑ ውስጥ አለቀስኩ፤ በደስታ። «እኔ የቆምኩት አንቺ ስላለሽ ነው።» አባቴ እንዲህ ያለ የፍቅር ቃል ለእናቴ እንኳን ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። እህቱን እንደ አጥር ምሰሶ እንደተከላት ለመረዳት ብዙ ዓመት ወሰደብኝ። ምሰሶ ደግሞ ወጥቼ ልሂድ ቢል አጥሩ ይወድቃል።

ዳኛዋ መንገዱን በዓይናቸው ሊያዩ እንደሚመጡ ሲነገር አባቴ እኔን ለብቻዬ ጠራኝ። ተንበርክኮ ትከሻዬን ያዘ።

«የአክስትሽ ክፍል እንዳይፈርስ ትፈልጊያለሽ?»

«አዎ!»

«እንግዲያው ነገ ጓደኞችሽን ሰብስቢና ዝለሉ። ዳኛዋ ይህ መንገድ ሳይሆን የልጆች መጫወቻ መሆኑን ይዩ። በደንብ ዝለይ፣ እሺ? ለአክስትሽ ስትይ።»

በማግስቱ ጠዋት ስነሳ የአክስቴ የስፌት መኪና በአንሶላ ተጠቅልሎ፣ ጠፍር በጠፍር ታስሮ ነበር። እንግዳ ስለሚመጣ አቧራ እንዳይነካው ነው ብዬ አሰብኩ። አክስቴ ፀጉሯን ተሠርታ፣ መቀሷን በአንገቷ አንጠልጥላ በር ላይ ቁጭ ብላለች። ገመዱን ራሷ ወጠረችልን። «ዛሬ በወገብ ከፍታ» አለች።

ዳኛዋ ረጅም፣ ጠና ያሉ ሴት ነበሩ። ጫማቸው ጭቃ ይዟል። ከኋላቸው ባለሜትሩ ካርታውን ታቅፎ፣ ጸሐፊያቸው ደብተር ይዞ፣ መንደርተኛው ደግሞ በአንድ ረድፍ ይከተላል፤ በሁለት ረድፍ አይቻልም ነበር። እኛ እንዘላለን። እኔ እንደዚያ ቀን ዘልዬ አላውቅም። አየር ላይ ሆኜ «ለአክስቴ!» እላለሁ በልቤ።

«ክብርት ዳኛ፣ እንደሚያዩት ልጆች ይጫወቱበታል» አለ አባቴ፣ ባርኔጣውን ደረቱ ላይ አድርጎ። «መንገድ ቢሆን ኖሮ እኔ ልጄን መንገድ ላይ አጫውታለሁ?»

«እኔ ደግሞ» አለ ጡረተኛው፣ ከወረቀት እያነበበ፣ «ከዚህ ቀደም ባቀረብኩት፣ እንዲሁም ወደፊት በማቀርበው አቤቱታ እንደገለጽኩት፣ የጠበበው ሁሉ በተከሳሽ በኩል ነው።»

«የአበባ ጣሳዎቹ የማን ናቸው?» አሉ ዳኛዋ።

«የተፈጥሮ ናቸው፣ ክብርት ዳኛ።»

ዳኛዋ ሊያልፉ ሲሉ ገመዱ ወገባቸው ላይ ከለከላቸው። ዝቅ አድርጌ ላሳልፋቸው ሮጥኩ። እሳቸው ግን አላለፉም። ገመዱን በእጃቸው ይዘው ቋጠሮዎቹን ይዳብሱ ጀመር፤ ቀይ፣ ቢጫ፣ አረንጓዴ።

«ይህ ምንድን ነው፣ የኔ ልጅ?»

በመጨረሻ አንድ ሰው ጠየቀኝ! የአጥር ጥል እንዳልነበረ፣ ማንም ምንም እንዳልወሰደ፣ ሁሉም ነገር በኔ እድገት የመጣ መሆኑን የማስረዳበት ጊዜ ደረሰ። ድምፄን ከፍ አደረግሁ።

«ያደግሁበት ነው። ሰው ሲያድግ መንገድ ይጠብበዋል። በየዓመቱ ገመዱ ሲረግብ አክስቴ አንድ ትቋጥርልኛለች። ስድስት ናቸው። ስለዚህ አባቴም ጡረተኛውም አላጠፉም። እኔ ነኝ ያደግሁት።»

ጡረተኛው ወረቀቱን አጠፈ። አባቴ ባርኔጣውን መልሶ አደረገ፣ ደግሞ አወለቀ። ከሕዝቡ መሃከል እናቴ ብቻ በመዳፏ አፏን ይዛ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። እያለቀሰች መስሎኝ ነበር።

«መጀመሪያ ያለ ቋጠሮ ነበር የተወጠረው?» አሉ ዳኛዋ።

«አዎ። እንደ ክራር ጅማት!»

«ማን ለካው?»

«እኔ ነኝ» አለች አክስቴ ከበር ተነስታ። «ከአጥር እስከ አጥር። የስፌት ሰው ነኝ፣ ልኬት አልስትም።»

«ሊፈታ ይችላል?»

አክስቴ መቀሱን ከአንገቷ አነሳች። አባቴ፣ «አንቺ... እህቴ...» አለ። ክሩን ቀጭ፣ ቀጭ፣ ቀጭ አደረገችው። ስድስቱ ቋጠሮዎች አንድ በአንድ ተፈቱ፤ ገመዱ እንደ እባብ መሬት ላይ ረዘመ። ባለሜትሩ ለካው። ስድስት ሜትር ነበር። የቆምንበት መንገድ ደግሞ አንድ።

የጎርፍ መውረጃውን ክዳን ፈለጉት። ከጡረተኛው ጣሳዎች ሥር ተገኘ። ገመዱን እኩል አጥፈው መሃከሉን ክዳኑ ላይ አደረጉ። አንዱን ጫፍ ጸሐፊው ይዞ ወደ ጡረተኛው ሄደ፤ አበባውን አለፈ፣ አጥሩን ተሻገረ፣ ጡረተኛው ማታ ማታ ጋዜጣ የሚያነብበት ወንበር ላይ ሲደርስ አለቀ። ሌላውን ጫፍ እኔ ያዝኩት። ዳኛዋ «ሂጂ» አሉኝ። በአክስቴ መስኮት አስገባሁት። በመቁረጫ ጠረጴዛው ላይ አለፈ፤ በተጠቀለለው መኪና ላይ አለፈ፤ ከአልጋው ጠርዝ ላይ ሲደርስ እጄ ውስጥ ተወጠረ። እኔ በየሌሊቱ እግሬን የማሳርፍበት ቦታ ነበር።

ያኔ ገባኝ። ሁሉም ሳይሆን፣ ክፍሉን ያፈረስኩት እኔ መሆኔ ብቻ።

ፍርዱ በወሩ ተሰጠ። ሁለቱም አጥሮች ወደ ድሮ ቦታቸው ይመለሱ፤ ከመስመሩ ወዲያ ያለው ሁሉ ይነሳ። አባቴ ለአክስቴ የቀረውን ክፍል አሳያት። አልጋውና አንድ ቀጭን ሰው ይበቁበታል።

«መኖር ትችያለሽ እኮ» አላት።

«ጋሼ፣ ሳጥን ውስጥ የምገባበት ጊዜ ገና ነው።»

ያን ቀን ወገቧን አቅፌ አለቀስኩ። «ይቅር በይኝ፣ እኔ ነኝ የተናገርኩት» አልኳት። ፊቷን ቀና ብዬ ሳየው እንደኔ አልረጠበም። እንደውም አክስቴን ያን ያህል ቆንጆ ሆና አይቻት አላውቅም። «አንቺ ያየሽውን ነው የተናገርሽው» አለችኝና የመኪናዋን አንድ ወገን አሸከመችኝ። ሰፊው መንገድ ላይ ባለ ትልቅ መስኮት ቤት ገባች። ጠዋት ጠዋት የመርገጫው ድምፅ ሳይቀሰቅሰኝ መነሳት ለመልመድ ብዙ ጊዜ ወሰደብኝ።

አጥሮቹ በተነሱ ማግስት በመንገዱ መጀመሪያ ያለፈው የሙሽራው ቁም ሣጥን ነበር። ሙሽራው በዚያን ጊዜ ሁለት ልጅ ወልዶ ነበር ይባላል፤ ያንን እንኳን እናቴ ጨምራበት ሊሆን ይችላል። አባቴና ጡረተኛው ፍርዱን ተቃውመው አብረው ይግባኝ ጠየቁ። በየቀጠሮው አንድ ጃንጥላ ሥር ሆነው ይሄዱ ነበር፤ ሁለት ሰው ጎን ለጎን የሚሄድበት መንገድ ተከፍቶላቸው። እስኪሞቱ ጓደኛ ነበሩ።

አድጌ አንድ ቀን አክስቴን ጠየቅኋት። «አውቀሽ ነው የቋጠርሽው?»

«የሰፊ እጅ ትርፍ ሲያይ ያጥፋል» አለች። መኪናው ገና ጠዋት ለምን ተጠቅልሎ እንደነበር አልጠየቅኋትም።

አሁን እኔም አጥር አለኝ። ዘንድሮ ዝናቡ አንድ ወገኑን ጣለውና ግንበኛ ጠራሁ። ግንበኛው የፈረሰውን አይቶ፣ መንገዱን አይቶ፣ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«እትዬ፣ እዚያው ላይ ነው ወይስ ትንሽ ወጣ ላድርገው? ሰው ሁሉ ወጣ እያደረገ ነው።»

«ትንሽ ማለት ስንት ነው?» አልኩት።

«ስንዝር። ማንም አያየውም።»

መንገዱን አየሁት። ሰፊ ነው። ስንዝር ምኑም አይደለም። «እስቲ እንዳየኸው» አልኩት፤ ይህንን ያልኩት በእኔ አፍ ነው፣ ማንም አላስገደደኝም። ብሎኬቱን ከአሮጌው መሠረት ወዲያ ደረደረው።

ከሰዓት በኋላ አክስቴ ልትጠይቀን መጣች። ዛሬ በምርኩዝ ነው የምትሄደው። ልጄ ሮጣ አቀፈቻት። አክስቴ በልጄ ትከሻ ላይ አሻግራ የብሎኬቱን ረድፍ አየችው። ከዚያ አሮጌውን መሠረት አየችው። ጎንበስ ብላ ልጄን ጠየቀቻት።

«ገመድ ትዘያለሽ፣ የኔ ቆንጆ?»

«ገመድ የለኝም።»

«ምን ችግር አለው!» አለች አክስቴ። ቦርሳዋን ከፈተች፤ መጀመሪያ መቀስ፣ ቀጥሎ ጥቅል የሸራ ገመድ ወጣ። «በይ ጫፉን ያዢና ከፊት ለፊቱ አጥር ድረስ ሂጂ።»

«ግንበኛ!» ብዬ ጮህኩ። «አሮጌው መሠረት ላይ! እዚያው ላይ አድርገው!»

አክስቴ በመገረም ዞር አለች።

«ምነው ልጄ? ገና አንድ እንኳን መች ቋጠርኩ?»